እማኝ አልጮኽ ያለ ዕለት

ትምህርት ቤት ሳለሁ «አባትሽ ሥራው ምንድን ነው?» ሲሉኝ «ዘበኛ ነው» እል ነበር። ዘበኛ አልነበረም። አባቴ የካዛንቺስ እድራችን ጥሩምባ ነፊ ነበር። ሰው ሲሞት ገና ጎህ ሳይቀድ ጋቢውን ደርቦ፣ ከመንደሩ ጫፍ ቆሞ ጥሩምባውን የሚነፋው፣ ከዚያም «እገሌ አርፏል፣ ቀብሩ በስድስት ሰዓት ነው» እያለ በየቅያሱ የሚዞረው ሰውዬ አለ አይደል? እሱ ነው አባቴ። የሠፈር ልጆች ሲጣሉኝ «ሂጂ ወደዚያ፣ አንቺ የሞት ደወል!» ይሉኛል። እኔም ዝም የምል ልጅ አልነበርኩምና አንዷን ክንዷ ላይ ነክሻት አውቃለሁ። ጠባሳው ዛሬም አለ፣ ስንገናኝ እያሳየችኝ እንስቃለን።

ይህን አስቀድሜ የምነግራችሁ ያኔ ማን እንደነበርኩ እንድታውቁልኝ ነው። ስሜ ሰብለ ነው። ነገሩ በደረሰ ጊዜ ሠላሳ አራት ዓመቴ ነበር፣ ባምቢስ አካባቢ ባነርና ቢዝነስ ካርድ የሚታተምበት ቤት እሠራ ነበር። ካዛንቺስ ገና አልፈረሰም። እኔና አባቴ ብቻችንን እናት የሌለችበት ቤት ውስጥ እንኖራለን፣ ወንድም የለኝም። የመሥሪያ ቤት ጓደኞቼ ስለ አባቴ ሲጠይቁኝ አሁንም «ጡረታ ወጥቷል» ብዬ አልፋለሁ። አፍር ነበር፣ ምን ልደብቃችሁ።

ጥሩምባው ደግሞ ስም ነበረው፤ «እማኝ» ይባላል። የአጋዘን ቀንድ ነው፣ አፉ ላይ የነሐስ ቀለበት አለው፣ ሲያዩት ተራ ነገር ነው። ቅድመ አያቴ ከመንዝ ሲመጣ ይዞት የመጣ ነው ይባላል። አባዬ በነጭ ጨርቅ ጠቅልሎ ከአልጋው ራስጌ ይሰቅለዋል፣ በዓመት አንዴ ውስጡን በኑግ ዘይት ያሸዋል። እማኝ ሁለት ሕግ አለው። አንደኛው፣ ለጨዋታም ለልምምድም አይነፋም። ሞት ሳይኖር የነፋው ሞት ይጠራል ይላሉ። ሁለተኛው ነው ጉዱ። እማኝ በሕይወት ላለ ሰው አይጮኽም። ያልሞተውን ሞተ ብላችሁ ብትነፉት ሳንባችሁ ቢፈነዳ ድምፅ አይወጣውም። አያቴ በረሃ ወርዶ ለጠፋ አንድ ሹፌር ሊነፋ ቆሞ እምቢ ብሎት፣ ሰውዬው በሳምንቱ ጢሙን አንጨፍርሮ ከተፍ አለ አሉ። አባዬ ይህን ሲያወራ እኔ ጣራ ጣራውን ነው የማየው።

«አባዬ በናትህ፣ ቀንድ ነው እኮ!» እለዋለሁ።

«ቀንድስ ቀንድ ነው» ይለኛል።

እንግዲህ ሐሙስ ዕለት፣ ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ገደማ፣ ማተሚያ ቤቱን ልዘጋ ስል ታደለ መጣ። ታደለ ፀጉር አስተካካይ ነው፣ የእድራችንም ጸሐፊ እሱ ነው። ዓይኑ ደም መስሏል።

«ሰብልዬ፣ ባነር ነበር የፈለግኩት።»

«የምን ባነር?»

ስልኩ ላይ ያለውን ፎቶ አሳየኝ። ጋሽ በየነ ነው። ወንበሩን ይዤ ተቀመጥኩ።

ጋሽ በየነ ላንቻ ጎሚስታ ነው፣ ቤቱ ግን ከኛ በር ሦስት በር አልፎ ነው። የአባቴ የልብ ጓደኛ። ልጅ የላቸውም፣ እሱና ሚስቱ እትዬ ዘነበች እናቴ ከሞተች ወዲህ እንደ ልጃቸው ነው ያሳደጉኝ። «እኔና አባትሽ ሥራችን አንድ ነው» ይለኝ ነበር፣ «እሱ ቀንድ ይነፋል፣ እኔ ጎማ እነፋለሁ፤ ሁለታችንም እንጀራችን ትንፋሽ ነው።» የዚያን ዕለት ጠዋት አሮጌ ጎማ ሊገዛ ሞጆ ሄዶ ነበር። ሲመለስ የተሳፈረበት ፒክአፕ ተገለበጠ። ከከተማችን ወጣ ብሎ ካለ ሆስፒታል አንዲት ነርስ በጋሽ በየነ ስልክ መጨረሻ ላይ የተደወለበትን ቁጥር አይታ ደወለች፣ ያም የታደለ ሆነ።

«ምን አለችህ?» አልኩት።

«ምን ትላለች? በቃ፣ አባት ትንሽ ተጎድተዋል፣ በርከት ብላችሁ ሰው ይዛችሁ ኑ፣ ለባለቤታቸው በስልክ አትንገሩ አለችኝ።»

ይኸው ነው። እናንተም አሁን ስታነቡት ገብቷችኋል። በኛ አገር «ሞተ» ተብሎ በስልክ የሚነገረው ማነው? «ትንሽ አሞታል፣ ና» ካሉህ ነጠላህን ዘቅዝቀህ ነው የምትሄደው። ታደለም እንደ ሥርዓቱ ተረዳ። ሞቷል ወይ ብሎ አልጠየቀም፤ እንደዚያ ብሎ የሚጠይቅ ያልሠለጠነ ሰው ነው። ፎቶውን ልኮልኝ እንደጨረሰም ወሬው አፈትልኮ እትዬ ዘነበች ጆሮ እንዳይገባ ብሎ ስልኩን ጥርቅም አድርጎ አጠፋው።

እኔስ? እኔም አልጠየቅኩም። ቁጭ ብዬ እያለቀስኩ ባነሩን ሠራሁት። «ነፍስ ይማር» የሚለውን ፊደል ትልቅ አድርጌ፣ ፎቶው ላይ ፊቱ ፈካ እንዲል ብርሃን ጨምሬ፣ ዳር ዳሩን ጥቁር አድርጌ። ሁለት ሜትር ባነር። በገዛ እጄ ነው ያተምኩት፣ ይህንን አትርሱብኝ።

ቤት ስደርስ የእድሩ ኮሚቴ አባዬ አልጋ ዙሪያ ተቀምጧል። አባዬ በዚያ ሰሞን አስሙ ብሶበት ሦስት ትራስ ተደግፎ ነበር የሚተኛው፣ ሲተነፍስ ደረቱ ያፏጫል። እንባው ጉንጩ ላይ ደርቋል። የእድሩ ዳኛ ጋሽ ተሰማ እየተናገሩ ነው። ጋሽ ተሰማ መሥሪያ ቤት ኃላፊ ሆነው ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው፣ አሁንም ሠፈሩን እንደ ቢሮ ነው የሚያስተዳድሩት።

«ሬሳ ቤት ማታ አይከፈትም። ነገ ጎህ ሲቀድ እናረዳለን፣ ከዚያ ሰው ሄዶ አስከሬን ያመጣል። ለዘነበች መኪና ተበላሽቶበት ሞጆ ያድራል ተብሎ ተነግሯታል። ጥሩምባውን በተመለከተ፣ አያ ደምሴ ስለታመመ ዘንድሮ ቴሌግራም ግሩፑ ላይ እንለቃለን። ዘመናዊም ነው።»

አባዬ ከትራሱ ላይ ቀና አለ። «በየነ እማኝ ሳይጮኽለት አይቀበርም።»

«ታዲያ ማን ይነፋል? አንተ ሻማ ማጥፋት አትችል!»

አባዬ ጣቱን ወደኔ ቀሰረ። «እሷ።»

እኔ ራሴ ዞር ብዬ ከኋላዬ ሰው መኖሩን አየሁ፣ እውነቴን ነው።

«ሴት ልጅ የእድር ጥሩምባ ስትነፋ የት አይተህ ታውቃለህ?» አሉ ጋሽ ተሰማ።

«ነገ ታየዋለህ» አለ አባዬ።

አቤት ያን ጊዜ የተናደድኩት! የምሸሸውን ነገር አምጥቶ አንገቴ ላይ አሰረብኝ። ሰዎቹ እንደወጡ ጮኽኩበት። «እኔ አላውቅበትም፣ ሰው ፊት አታዋርደኝ!» አልኩት። እሱ እጄን ያዘኝ። «ሰብልዬ፣ ለበየነ ነው እኮ» አለኝ። እሺ ብዬ አጠገቡ ተቀመጥኩ። ቀንዱ ለልምምድ አይነካምና በጭብጤ አስተማረኝ። አውራ ጣቴን ጠቅልዬ፣ ክፍተቱ ላይ ከንፈሬን ገጥሜ። «ከንፈርሽን እንደሚስቅ ሰው አትለጥጪው፤ ሎሚ እንደቀመሰ ሰው ሰብስቢው። ትንፋሹ ከሆድሽ ይምጣ።» በጭብጤ ስነፋ ወፍራም ድምፅ ወጣ፣ ጎረቤት ላም ያስገባን መስሎታል። አባዬ በሐዘኑ መሐል ፈገግ አለ።

ዓርብ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ሊሆን ሲል ሠፈርተኛው ከቅያሳችን አፍ ላይ ተሰብስቧል። የተዘቀዘቀ ነጠላ፣ ጋቢ፣ ጥቁር ሻሽ። የእድሩ ድንኳን ጋሪ ላይ ተጭኗል። ለቀብር የተከራየነው ቅጥቅጥ አውቶቡስ አስፋልቱ ዳር ቆሟል። ታደለ ባነሬን ጠቅልሎ ብብቱ ሥር ይዟል። አባዬን ሁለት ሰዎች ደግፈው አውጥተው ደጃችን ወንበር ላይ አስቀምጠውታል።

በእድራችን ሥርዓት ጥሩምባው ይቀድማል። ሰው መርዶ ሲሰማ ብቻውን እንዳይሆን መጀመሪያ ጎረቤት በሙሉ በጥሩምባው ይወጣል፣ ከዚያ ሽማግሌዎች በሩን ያንኳኩና ያረዳሉ። ስለዚህ ሁሉም እኔን ነው የሚያየው። ጨርቁን ፈታሁ። የነሐሱ ቀለበት በረዶ ሆኗል። ከንፈሬን ሰበሰብኩ፣ ከሆዴ ትንፋሼን ስቤ ነፋሁ።

ምንም የለም። ነፋስ ብቻ፤ ፉፉፉ።

አንድ ሰው ሲስል ሰማሁ። እንደገና ነፋሁ፣ ጆሮዬ እስኪደነቁር። ፉፉፉ። ከኋላ በኩል አንዲት ሴት በነጠላዋ አፏን ሸፍና ሳቀች። «ውይ፣ ሚጥሚጣ የምታበርድ ነው እኮ የምትመስል» የሚል ድምፅም ሰማሁ፣ ማን እንደሆነ አውቃለሁ፣ ስሙን አልጠራውም። ለሦስተኛ ጊዜ ነፋሁ። ዓይኔ ላይ ኮከብ እስኪታየኝ ነፋሁ። እማኝ ጭጭ።

«በሉ በቃ፣ ይበቃል!» አሉ ጋሽ ተሰማ። «ታደለ፣ ቴሌግራሙን ልቀቀው። ሽማግሌዎች፣ እንሂድ።»

ምድር ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። እንባዬ መጣ። ዞር ስል አባዬን አየሁት። ከወንበሩ ተነስቷል። ማንም ሳይደግፈው፣ ግድግዳውን ይዞ ቆሟል።

«ስንቴ ነፋሽው?» አለኝ።

«ሦስቴ።»

«ሦስቴም እምቢ አለ?»

«አዎ አባዬ፣ አልቻልኩም፣ ነግሬህ ነበር...»

«አንቺ አይደለሽም» አለ። «በየነ አልሞተም።»

ጋሽ ተሰማ እጃቸውን አወናጨፉ። «ኧረ በመድኃኔዓለም! ልጅቷ ትንፋሽ የላትም፣ አባትየው ተረት ያወራል። ቀጥሉ!»

እኔ ያን ጊዜ በእማኝ አላመንኩም ነበር፣ ልዋሻችሁ አልፈልግም። ግን የአባቴን ፊት አየሁ። ያ ሰው በሕይወቱ ሙሉ ለዚህ ሠፈር ነፍቷል፣ በብርድ፣ በዝናብ፤ አንድ ቀን ተሳስቶ አያውቅም። ሰው ፊት «ተረት ያወራል» ሲባል ውስጤ የሆነ ነገር ተቀጣጠለ። ሽማግሌዎቹን ቀድሜ ሮጥኩና እትዬ ዘነበች በር ላይ እጄን ዘርግቼ ቆምኩ።

«ሬሳውን ያየ ማነው?» አልኩ።

ሽማግሌዎቹ እርስ በርሳቸው ተያዩ።

«ሬሳውን በዓይኑ ያየ አንድ ሰው ከመሐላችሁ ይውጣና ይለፍ። ታደለ! ነርሷ ሞቷል ብላሃለች?»

«እንዴ፣ ማን እንደዚያ ብሎ ይናገራል ሰብልዬ?»

«ሞቷል የምትል ቃል ከአፏ ወጥታለች አልወጣችም?»

ታደለ ጭንቅላቱን አከከ። «አልወጣችም» አለ በመጨረሻ። «ግን ያው... በርከት ብላችሁ ኑ ማለት...»

«ሥርዓት አታፍርሺ፣ ከበሩ ዞር በይ!» አሉ ጋሽ ተሰማ። ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ኖሯል። ከኋላዬ ያለው በር ሲጢጥ ብሎ ተከፈተ።

እትዬ ዘነበች ነች። ሻሿን እንኳ አላሰረችም። መጀመሪያ እኔን አየች፣ ቀጥሎ ከኋላዬ የቆመውን የተዘቀዘቀ ነጠላ፣ ቀጥሎ ድንኳኑን። እትዬ ዘነበች ልቧ ደካማ ነው፣ ሐኪም ድንጋጤ ከልክሏታል፤ ይህን ሠፈሩ በሙሉ ያውቃል። እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ የበሩን መቃን ያዘች።

«በየነ ነው?» አለች።

ጋሽ ተሰማ እንኳ መሬት መሬት ያያሉ።

«እትዬ፣ ጋሽ በየነ መኪና ተገልብጦበት ሆስፒታል ነው» አልኳት። «ግን በሕይወት አለ።»

አየችኝ። አስተያየቷን ዛሬም አልረሳውም። «አንቺም?» አለችኝ። «አንቺም እንደነሱ ልትዋሺኝ? እናቴ ስትሞትም በሕይወት አለች ነው ያላችሁኝ። ወንድሜ ሲሞትም ትንሽ አሞት ነው ያላችሁኝ። እኔ ልጅ ነኝ?» መቃኑ ላይ ስትደገፍ ክንዷን ያዝኳት። ምን ልበላት? እውነቱንም ውሸቱንም የምንናገርበት ቃል አንድ ነው፣ በምን ትለየው?

ያን ጊዜ በቀኝ እጄ የያዝኩትን ቀንድ አየች።

«እማኝ ጮኸ?» አለችኝ።

«አልጮኸም።»

«ነፍተሽዋል?»

«ሦስቴ ነፋሁት እትዬ። በአባቴ ሞት! ሦስቴ ነፍቼው አልጮኸም። እነዚህ ሁሉ ምስክሮቼ ናቸው፣ ስቀውብኛልም።»

እትዬ ዘነበች ወደ ሕዝቡ ቀና አለች። ያችው በነጠላዋ ሸፍና የሳቀችው ሴት ራሷን ነቀነቀች፣ «አልጮኸም እትዬ» አለች። እትዬ ዘነበች በረጅሙ ተነፈሰች። መቃኑን ለቀቀች። ከጓዳ ነጠላዋን አመጣችና ሳትዘቀዝቀው፣ በደህናው ጊዜ አለባበስ ተከናነበች።

«ታዲያ ምን ትገተራላችሁ?» አለች። «ባሌ የታለ? ውሰዱኝ!»

ለቀብር በተከራየነው ቅጥቅጥ ተጭነን ሄድን። የገባው ገባ፣ ያልገባው በሚኒባስ ተከተለን። አባዬ «ሂጂ፣ እኔ እዚሁ ነኝ» ብሎ ቀረ። በመስቀል አደባባይ ስናልፍ ሯጮች ደረጃውን ይወጣሉ ይወርዳሉ፣ ፀሐይ ገና መውጣቷ ነው። ጋሽ ተሰማ ከፊት ተቀምጠዋል። እኔ ከእትዬ ዘነበች ጎን ሆኜ እማኝን ጭኔ ላይ ይዤ በሆዴ እለምናለሁ። ምን እያልኩ መሰላችሁ? «አንተ ቀንድ፣ ከዋሸኸኝ ዛሬ ማታ እሳት ውስጥ ነው የምከትህ!» እያልኩ። አሁን እያመንኩበት ነበር ማለት ነው፤ በማታምኑበት ነገር ላይ አትዝቱም። እትዬ ዘነበችን እኔ ነኝ ተስፋ የሰጠኋት። ሞቶ ካገኘነው መርዶውን ሁለት ጊዜ ያረዳኋት እኔ ልሆን ነው፣ ያውም ዘመድ ጎረቤት በሌለበት ኮሪደር ላይ።

ሆስፒታሉ ስንደርስ አንዲት ቀጭን ልጅ፣ ነጭ ጋዋን ለብሳ፣ በር ላይ ወደኛ እየሮጠች መጣች።

«የአቶ በየነ ቤተሰቦች ናችሁ?»

«ነን» አልኩ።

«የት ነበራችሁ እስካሁን?! ሌሊቱን ሙሉ ስደውል ስልኩ ዝግ ነው! በርከት ያለ ሰው ይዛችሁ ኑ አላልኩም? ለደም ነበር እኮ! ኦፕራሲዮን ሊገቡ ነው፣ ደም ግን የለም! ያለንን አሟጠጥን እኮ!»

ታደለ ጭንቅላቱን በሁለት እጁ ያዘ። እትዬ ዘነበች «በሕይወት አለ?» አለች። ነርሷ ግራ ገባት። «አሉ እንጂ እናቴ፣ ትንሽ ተጎድተዋል ብዬ ነገርኳቸው እኮ! እርስዎ እንዳይደነግጡ ብዬ ነው በስልክ አትንገሩ ያልኩት።»

እልል ያለችው ማን እንደሆነች እንጃ፤ ከኋላ ነው የመጣው። ሆስፒታል ውስጥ፣ የሐዘን ልብስ የለበሰ ሰው እልል ሲል አስቡት! ዘበኛው ሮጦ መጣ። እኔ ግድግዳ ተደግፌ ተንሸራትቼ መሬት ላይ ተቀመጥኩና እማኝን አቀፍኩት። እንደ ሕፃን አቀፍኩት።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ብታዩ! ሊቀብሩት የመጡት ሰዎች ጋቢያቸውን እየጣሉ፣ እጅጌያቸውን እየጠቀለሉ ለደም ተሰለፉ። ያ በሚጥሚጣ ያሾፈብኝ ሰውዬ ሳይቀር። ጋሽ ተሰማ ፊተኛ ልሁን ብለው ተጋፉ። ነርሷ «አባት፣ ዕድሜዎ አይፈቅድም» ብትላቸው «የእድሩ ዳኛ ነኝ!» ብለው ተቆጡ፣ ኮሪደሩ በሙሉ ሳቀ። ታደለ ደም ሰጥቶ ሲነሳ ወደቀ፣ በውኃ ነው የቀሰቀስነው። ኦፕራሲዮኑ እስከ ከሰዓት ቆየ። እትዬ ዘነበች እጄን ይዛ አልለቀቀችኝም፣ ቀለበቷ ጣቴን ሰንብሮት ነበር። ዘጠኝ ሰዓት ላይ ሐኪሙ ወጥቶ «ደህና ነው። ደሙ ባይደርስ ግን ለምሳ አይደርስም ነበር» አለን።

በማግስቱ እንድናየው ተፈቀደልን። ደረቱ ታሽጎ፣ እግሩ ተሰቅሎ ተኝቷል። እኛ ደግሞ ከጭንቀታችን ብዛት ልብስ የቀየረ ሰው አልነበረም፤ ጥቁር በጥቁር ሆነን አልጋውን ከበብነው። ጋሽ በየነ ዓይኑን ገለጠ። አንድ በአንድ አየን። ጥቁሩን ሻሽ፣ ጥቁሩን ነጠላ። ፊቱ ተጨማደደ።

«ማን ሞተብን?» አለ።

እትዬ ዘነበች ሳቋና ልቅሶዋ ተደባለቀባት። እሱ «ደምሴ ነው እንዴ? ንገሩኝ!» ብሎ ሊነሳ ሞከረ፣ ሦስት ሰው ነው የያዘው። «አባዬ ደህና ነው ጋሽ በየነ» ስለው አላመነኝም፤ ደውዬ የአባዬን ድምፅ አሰማሁት። ሁለቱም በስልክ እየተነፋረቁ ቆዩ።

ያንን ባነር ታስታውሳላችሁ? ጋሽ በየነ ዱላውን ይዞ ሥራ ሲጀምር ታደለን «ስጠኝ፣ የኔ ነው» ብሎ ወሰደውና ላንቻ ጎሚስታ ቤቱ ግድግዳ ላይ ሰቀለው። ደንበኛ ሲገባ «ነፍስ ይማር» የሚለውን አይቶ ይደነግጣል፣ እሱ ከመኪና ሥር ብቅ ብሎ «አቤት፣ ምን ልታዘዝ?» ይላል። ስንቱን አስደንግጧል መሰላችሁ!

አንዳንዱ ብልጥ «ከንፈርሽ ስላልለመደ ነው ያልጮኸው» ይለኛል። ጥሩ። በአራተኛው ቀን ወደ ላንቻ መሄጃ አንዲት ባልቴት አረፉ፣ ሬሳቸውን ዘመድ አይቷል፣ ጠያቂም አላስፈለገም። ልምምድ አልሠራሁም፣ ሕጉ አይፈቅድማ። ያው እኔ፣ ያው ከንፈር፣ ያው ቀንድ። ገና አንድ ብዬ ስነፋው መስኮት አንቀጠቀጠ። ጋሽ ተሰማ ባርኔጣቸውን አነሱልኝ። በዚያው ወር በእድሩ ስብሰባ ተነስተው «ሰብለ ደምሴ፣ ጥሩምባ ነፊ» ብለው በአባልነት መዝገቡ ላይ በራሳቸው እጅ ጻፉኝ። እድራችንም አንድ ደንብ ጨመረ፦ ሬሳ ያየ ሰው ሳይኖር መርዶ የለም፣ «ሞቷል ወይ?» ብሎ መጠየቅም ነውር አይደለም። ይህ ደንብ በኔ ምክንያት ነው የገባው። ልኩራ እንጂ፣ ለምን አልኮራ!

ለአንባቢዎቼ መናገር የምፈልገው፣ ይህን ሁሉ ያወራሁት ስለ ቀንድ ብቻ አይደለም። ሠላሳ ዓመት ሙሉ አባቴን ደብቄአለሁ። እሱ በዝናብ እየቆመ ሰው ብቻውን እንዳያለቅስ ጎረቤት ሲጠራ፣ እኔ «ዘበኛ ነው» እል ነበር። የወላጆቻችሁን ሥራ የምትሸፋፍኑ ካላችሁ፣ በሕይወት ሳሉ ጮክ ብላችሁ ጥሩት። እኔ ዛሬ ፎርም ስሞላ «የአባት ሥራ» የሚለው ላይ «ጥሩምባ ነፊ» ብዬ ጽፌ፣ የራሴም ሥራ ላይ ያንኑ እደግማለሁ። ጸሐፊዎቹ ቀና ብለው ያዩኛል፤ እኔም አያቸዋለሁ።

ከሁለት ዓመት በኋላ ካዛንቺስ ፈረሰ። ሠፈርተኛው በየኮንዶሚኒየሙ ተበተነ፣ እድሩ ግን አልፈረሰም። አባዬ በአዲሱ ቤታችን ብዙ አልቆየም። አንድ ሰኞ ንጋት ላይ እጄን ይዞ እያለ ደረቱ ማፏጨት አቆመ። በዓይኔ ነው ያየሁት፣ በእጄ ነው የከደንኩት።

አስቀድሞ «እዚያው ሠፈሬ ላይ ንፊልኝ» ብሎኝ ነበር። ማክሰኞ ጎህ ሲቀድ ጋቢውን ደርቤ፣ ጋሽ በየነ ዱላውን ይዞ፣ የድሮው ቅያሳችን የነበረበት ቦታ ሄድን። ቅያስ የለም። ሰፊ የእግረኛ መንገድ ሆኗል፣ ዘንባባና አበባ ተተክሏል። አንድ ጥበቃ «እህቴ፣ እዚህ መቆም አይቻልም» እያለ መጣ። ጋሽ በየነ «ተው ልጄ፣ ቤቷ ላይ ነው የቆመችው» አለው። ጥበቃው ጋቢዬንና ቀንዱን አየ፣ ገባው መሰለኝ፣ ኮፍያውን አወለቀ።

ጨርቁን ፈታሁ። ከንፈሬን ሎሚ እንደቀመሰ ሰው ሰበሰብኩ። እና ታውቃላችሁ ምን አልኩት? «እባክህ አትጩኽ» አልኩት። «ያኔ እንዳደረግከው እምቢ በል። ሰው ይሳቅብኝ፣ ጋሽ ተሰማ ይቆጡኝ፣ ግድ የለኝም፣ ዝም በል።» የቻልኩትን ያህል ቀስ ብዬ፣ ሻማ እንደማጥፋት ያህል ብቻ እፍ አልኩበት።

ጮኸ። እንዲያ ሲጮኽ አባዬም ነፍቶት አልሰማሁም። እንባዬን እንኳ ሳልጠርግ ሥርዓቱን ሞላሁ፤ ለአባቴ ሦስቴ ነፋሁለት፣ ሦስቴም ጮኸ።